ስድስት መቶ ሺህ ብር ስንት ነው?

በዚህ ሳምንት የግድግዳ ጋዜጣችን የአማርኛ ዓምድ ተራ ለእኛ ቡድን ደርሷል። እንደ ልማዱ ስለ ሰዓት ማክበር ወይም ስለ ቤተ መጻሕፍት ጸጥታ ልንጽፍ አስበን ነበር፤ እውነቱን ለመናገር ግማሹን ጽፈንም ነበር። ነገር ግን ባለፉት ሦስት ሳምንታት አንድ ወረቀት እጃችን ገብቶ እንቅልፍ ስለነሣን፣ የጀመርነውን ቀድደን ስለዚሁ ወረቀት ልንነግራችሁ ተነሣን። ወረቀቱ የቤት ብድር ውል ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። የሒሳብ ማስተማሪያ ዘዴ መምህራችን ስለ ወለድ አንድ የትምህርት ዕቅድ አዘጋጅታችሁ ኑ፣ ምሳሌው ግን ከመጽሐፍ የተገለበጠ ሳይሆን ከዚሁ ከመቐለ ይሁን አሉን። አምስት ነን። ከአምስታችን የአንዷ ታላቅ እኅት መቐለ ኢንዱስትሪ ፓርክ ውስጥ ልብስ ትሰፋለች። ቤት ለመግዛት ከባንክ ልትበደር መሆኑን ሰምተን ስለነበር፣ ከዚህ የተሻለ ምሳሌ ከየት ይመጣል ብለን፣ አንድ ቅዳሜ ከሥራ የምትወጣበትን ሰዓት ጠብቀን ፓርኩ በር ላይ ቆምን።

ፓርኩን ከአውቶቡስ መስኮት እንጂ ቀርቦ ያላየው ብዙ ነው። በሐምሌ 2009 ዓ.ም. ሲመረቅ 100 ሚሊዮን ዶላር ገደማ እንደወጣበት ተነግሯል፤ ረጃጅሞቹ ሼዶች 15 ናቸው። ሠራተኞቹ ሲወጡ አብዛኞቹ በእኛ ዕድሜ ያሉ ሴቶች ናቸው። እኅታችን ከመካከላቸው ወጣችና ሰላምታውን እንኳን ሳንጨርስ ከቦርሳዋ በላስቲክ የተጠቀለለ ወረቀት አውጥታ ሰጠችን።

"እናንተ የተማራችሁ ናችሁ። አንብቡና ንገሩኝ፤ ልፈርም ወይስ ይቅር?"

እኛ ምሳሌ ፍለጋ ነበር የሄድነው። እሷ ምክር ጠየቀችን። እርስ በርሳችን ተያየን፤ ከመካከላችን ውል የሚባል ነገር አንብቦ የሚያውቅ አልነበረም።

ስለ እሷ ጥቂት እንንገራችሁ። ፓርኩ ሥራ ከጀመረ ብዙም ሳይቆይ ነው የገባችው። የዚያን ጊዜ የልብስ ስፌት ሠራተኛ መነሻ ደመወዝ ስንት እንደነበር በ2011 ዓ.ም. አንድ የኒውዮርክ ዩኒቨርሲቲ ጥናት ጽፎታል፦ በወር 26 ዶላር። በዚያ ገንዘብ ለብቻ ቤት መከራየት ስለማይቻል ከሦስት ጓደኞቿ ጋር አንዲት ክፍል ትጋራ ነበር። በጥቅምት 2013 ጦርነቱ ሲጀመር ማሽኑ ቆመ። እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ከጥር 2022 ጀምሮ ደግሞ ኢትዮጵያ አሜሪካ ያለ ቀረጥ ከምታስገባባቸው አገሮች ዝርዝር ተሰረዘች፤ ጦርነቱ ቢያልቅ እንኳ የሚሰፋው ልብስ ገዢው ሩቅ ሆነ። ጥቅምት 2015 በፕሪቶሪያ ስምምነት ተደርጎ አንዳንዶቹ ሼዶች ሥራ ሲጀምሩ ከተመለሱት አንዷ እሷ ናት። በመካከሉ አግብታለች፣ ወልዳለች፣ አራት ጊዜም የኪራይ ቤት ለቅቃለች። አራተኛው ላይ አከራይዋ "ልጅ ያለቅሳል" ብለው ነው ያስወጧት። ቤት የመግዛት ሐሳብ የመጣው ያን ዕለት ማታ ነው ትላለች።

አሁን ወደ ወረቀቱ። ቤቱ 750,000 ብር ነው። ዕቁቧና የባሏ ባጃጅ ሽያጭ ተደምሮ 150,000 ብር አላቸው (ባሏ አሁን የሰው ባጃጅ ነው የሚነዳ)። የቀረውን 600,000 ብር ባንኩ ያበድራል፤ የባንኩ ስም ይቆየን። ወለዱ በዓመት 16 በመቶ፣ ጊዜው 20 ዓመት፣ ወርኃዊ ክፍያው 8,347 ብር ከ54 ሳንቲም ነው። ይህ ክፍያ የባልና ሚስቱ ገቢ ተደምሮ ከግማሽ ይበልጣል። እሷን ግን ያሳሰባት ወርኃዊው ክፍያ አልነበረም። "ጠቅላላው ስንት ነው?" ነበር ያለችን። ወረቀቱ ላይ ይህ አልተጻፈም።

ማታ መኝታ ክፍላችን ገብተን በሩን ዘጋን። ሒሳቡ ቀላል መሰለን። በሰባተኛና በስምንተኛ ክፍል የተማርነው ቀመር አለ አይደል፣ ወለድ ማለት ዋናው ገንዘብ ሲባዛ በመጣኔው ሲባዛ በጊዜው። 600,000 ሲባዛ በ16 በመቶ ሲባዛ በ20፣ አንድ ሚሊዮን 920 ሺህ። ዋናው ሲደመርበት 2,520,000 ብር። እኛም ሰነፍ ተማሪ እንደሚያደርገው ሳንመረምር በማግሥቱ ሮጠን ነገርናት። ፊቷ ተለዋወጠ። "ሌቦች!" ብላ ወረቀቱን ልትቀድ ስትል እኅቷ ነጠቀቻት።

ተሳስተን ነበር። ይህን የነገሩን በሠፈራችን የሚኖሩ፣ በቀድሞው የቤትና ቁጠባ ባንክ ያገለገሉ ጡረተኛ ናቸው። አቦይ እንላቸዋለን። ይህ ባንክ ለብዙዎቻችን ወሬ ብቻ ነው። በ1967 ዓ.ም. የከተማ ቦታና ትርፍ ቤቶች በአዋጅ ከተወረሱ በኋላ፣ ከዚያ በፊት የነበሩ ሁለት የቤት ብድር ድርጅቶች ተዋህደው የተቋቋመ ነው። በኋላ የኮንስትራክሽንና ቢዝነስ ባንክ ተባለ፤ በ2008 ደግሞ ከንግድ ባንክ ጋር ተቀላቀለ።

አቦይ ሒሳባችንን አይተው ሳቁ። ሳቃቸው ግን የሚያሳፍር አልነበረም። "ልጆቼ፣ ይኸ ቀመር ዋናው ዕዳ ሃያ ዓመት ሙሉ ሳይነካ ለሚቀመጥ ነው። የቤት ብድር ግን በየወሩ ትንሽ ትንሽ ይቀንሳል፤ ወለዱም የሚቆጠረው በቀሪው ላይ ነው" አሉን። ካልኩሌተር አስመጡና አብረን አወጣነው። እውነተኛው ጠቅላላ 2 ሚሊዮን 3 ሺህ 4 መቶ ብር ገደማ ሆነ። ከእኛ ስሕተት በግማሽ ሚሊዮን ያንሳል ማለት ነው። ሆኖም 600,000 ተበድሮ ሁለት ሚሊዮን መክፈል አሁንም ያው ሁለት ሚሊዮን ነው።

ያስደነገጠን ግን ጠቅላላው አይደለም፣ አካሄዱ ነው። አቦይ በመጀመሪያው ወር የሚከፈለው 8,347 ብር ምን እንደሚሆን ጠየቁን። የ600,000 ብር የአንድ ወር ወለድ 8,000 ብር ነው። ስለዚህ ዕዳው ላይ የሚቀነሰው 347 ብር ከ54 ሳንቲም ብቻ ነው! የቀረው ባለፈው ወር በዕዳ ለመቆየት የተከፈለ ኪራይ ነው። ሁለተኛው ወር ላይ ወለዱ በአራት ብር ተኩል ያህል ይቀንሳል፤ ያቺው አራት ብር ተኩል ወደ ዋናው ትዞራለች። እንዲህ እያለ በጉንዳን እርምጃ ይሄዳል። አምስት ዓመት ሙሉ አንድም ወር ሳታዛንፍ ብትከፍል ከኪሷ 500,852 ብር ይወጣል፤ ዕዳዋ ግን 568,362 ብር ነው። ግማሽ ሚሊዮን ከፍላ ከዕዳዋ የወረደላት 31,638 ብር ብቻ ነው ማለት ነው። የዕዳው ግማሽ የሚወርደው በስንተኛው ዓመት ይመስላችኋል? ሁላችንም በአሥረኛው ብለን ነበር። በ16ኛው ዓመት መጨረሻ ነው።

ከዚያ አቦይ ጊዜውን 20 መሆኑን ትታችሁ 15 ዓመት አድርጉት አሉን። ወርኃዊው ክፍያ ወደ 8,812 ብር ከፍ አለ። ልዩነቱ በወር 465 ብር ያህል ነው። ጠቅላላው ግን ወደ 1 ሚሊዮን 586 ሺህ ወረደ። በወር 465 ብር በመጨመር አምስት ዓመትና 417 ሺህ ብር ይተርፋል! ይህን ሦስት ጊዜ ደጋግመን ሠራነው፤ አላመንነውም ነበር። ለትምህርት ዕቅዳችን ከዚህ የበለጠ ምሳሌ አላገኘንም። ባንክ ቤቱ የረዘመውን ዘመን ሲያቀርብ ክፍያው ቀላል ይመስላል፤ ቀላልነቱንም በዓመታት ብዛት እናስከፍላለን ብሎ አይጽፍም።

እዚህ ላይ አንዱ ጓደኛችን ተነሥቶ "ታዲያ ብድር የሚባል ነገር ይቅር በላ!" አለ። አቦይ ግን አልተስማሙም። የጎረቤታቸውን የአንድ መምህር ነገር አነሡልን። መምህሩ በ2002 ዓ.ም. ኮንዶሚኒየም ደርሷቸው 60,000 ብር በ9.5 በመቶ ለ20 ዓመት ተበደሩ። በወር 559 ብር ይከፍሉ ነበር። ያን ጊዜ ከደመወዛቸው ግማሽ ሊሆን ምንም አልቀረውም፤ ልጆቻቸው ሥጋ የሚያዩት በዓመት በዓል ብቻ ነበር ይባላል። ዛሬ 559 ብር ስንት ነው? ጥቂት ቡና ቢገዛ ነው። ዕዳውን የበላላቸው እሳቸው ሳይሆኑ የብር መርከስ ነው። በ2014 ዓ.ም. የአገራችን የዋጋ ንረት ከ30 በመቶ በላይ ነበር፤ በ9.5 ወይም በ16 በመቶ የተበደረ ሰው በዚያ ዓመት ከተበደረው ያነሰ ዋጋ ያለው ገንዘብ ነው የመለሰ። በመኖሪያ ቤት ማኅበር ተደራጅተው በ4.5 በመቶ የተበደሩት የደርግ ዘመን ሰዎችማ ቤታቸውን በነፃ ያገኙ ያህል ነው አሉን አቦይ። (እኅታችን በ4.5 በመቶ ብትበደር ኖሮ ጠቅላላው 911 ሺህ ብር ገደማ በሆነ ነበር።)

ይህን ስንሰማ ደስ አለን፣ ልንሄድም ተነሣን። እኅቷ ግን፣ ማለት የክፍላችን ልጅ፣ ቁጭ እንዳለች "የመምህሩ ደመወዝ ከብሩ መርከስ ጋር አብሮ ባያድግስ ኖሮ?" አለች።

ዝም አልን። የብር መርከስ ዕዳን የሚያቀለው ገቢ አብሮ ከፍ ሲል ነው። የፓርኩ ደመወዝ ደግሞ እንደ ዳቦ ዋጋ አይሮጥም፤ በግል ድርጅት ውስጥ ለሚሠራ ሰው በሕግ የተወሰነ ዝቅተኛ ደመወዝ በአገራችን የለም። ከዚያም በላይ እኛ መቐለ ልጆች በቃል የምናውቀው ነገር አለ፦ ደመወዝ መዘግየት ብቻ አይደለም፣ ጨርሶ መቆምም ይችላል። መምህራኖቻችን ስለ 17 ወሩ ውዝፍ ደመወዝ ሲያነሡ ያልሰማ ከእኛ ውስጥ ማን አለ? ከሰኔ 2013 በኋላ ባንኮች ተዘግተው በ2015 እስኪከፈቱ አንድ ዓመት ተኩል ያህል አልፏል። በዚያ ጊዜ የራሱን ተቀማጭ ማውጣት ያቃተው ሰው ብድሩን እንዴት ይክፈል?

ስለዚህ ያን ማታ አንድ ሒሳብ ጨመርን። ይህኛውን መምህራችን አላዘዙንም። እኅታችን አምስት ዓመት በትክክል ከከፈለች በኋላ 18 ወር ክፍያ ቢቆምና ወለዱ መቁጠሩን ባያቆም፣ ወለድም ወለድ እየወለደ ቢሄድ፣ 568,362 ብሩ 721,385 ብር ይሆናል። አሰቡት እንግዲህ። 600,000 ተበደረች፣ ግማሽ ሚሊዮን ከፈለች፣ 721 ሺህ አለባት። መቀጫ የሚባለውን አልጨመርንም። ቁጥሩን የጻፈው ጓደኛችን እርሳሱን አስቀምጦ ወደ ውጪ ወጣ። ቤተሰቡ በጦርነቱ ጊዜ የሱቅ ብድር ነበረባቸው፤ ባንኩ ሲከፈት የተሰጣቸውን ወረቀት እሱ ነው ለአባቱ ያነበበላቸው። ስለዚያ ወረቀት ከዚህ በላይ እንዳንጽፍ ስለጠየቀን አንጽፍም።

ሕጉንም ፈልገን አየን። በ1990 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 97 ባንክ በመያዣ የያዘውን ንብረት፣ ተበዳሪው በጊዜው ካልከፈለ፣ ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ፍርድ ቤት ሳይሄድ በሐራጅ እንዲሸጥ ይፈቅድለታል። ሃያ ዓመት በአንድ በኩል፣ 30 ቀን በሌላ በኩል ማለት ነው። ባንኩንም ጨካኝ ልንለው አንችልም፤ የሚያበድረው እኮ የሌላውን ሰው ተቀማጭ ነው፣ ምናልባትም የእናንተን እናት።

አቦይ አንድ ነገር ጨመሩልን፤ ከጉዳያችን የራቀ ቢመስልም እንጻፈው። "በብድር የምትኖሩ እናንተ ብቻ አይደላችሁም" አሉን። በታኅሣሥ 2007 አገራችን ከውጭ ገበያ 1 ቢሊዮን ዶላር በ6.625 በመቶ ለ10 ዓመት ተበድራ፣ ከገንዘቡ ከፊሉ ለኢንዱስትሪ ፓርኮች ግንባታ ውሎ ነበር። የዚያ ብድር ዓይነት የሚከፈለው በየጊዜው ወለዱ ብቻ ሆኖ ዋናው በመጨረሻው ቀን ባንድ ጊዜ ነው። የአሥር ዓመቱ ወለድ 662 ሚሊዮን ዶላር ተኩል ይመጣል። በታኅሣሥ 2016 ወደ 33 ሚሊዮን ዶላር የሚሆን አንድ የወለድ ክፍያ ሳይከፈል ቀረና ዓለም ሁሉ ሰማው። አገር ስትቸገር አበዳሪዎቿን ሰብስባ የመክፈያ ጊዜ ይራዘምልኝ ትላለች። የልብስ ሰፊ ጉዳይ ግን የሚያልቀው በአንድ መስኮት ነው።

በመጨረሻ ለእኅታችን ምን አልናት? ፈርሚ አላልናትም፣ አትፈርሚም አላልናት። ኪራይም እኮ ዋጋ አለው፤ ሃያ ዓመት ኪራይ ከፍሎ በሃያ አንደኛው ዓመት እንደ ገና ልጅ ያለቅሳል ተብሎ መባረር አለ። ብቻ ውሉን ከአቦይ ጋር ከላይ እስከ ታች አነበብንላት። ሦስተኛው ገጽ ላይ ባንኩ የወለዱን መጣኔ በየጊዜው ሊለውጥ ይችላል የሚል አንድ መስመር አለ። 16 ወደ 18 ቢወጣ ወርኃዊው ክፍያ በ912 ብር ይጨምራል፤ ይህን መስመር ከዚያ በፊት አላየችውም ነበር። የቤቱን ግምት የሚሠራው ባለሙያ ክፍያ፣ በየዓመቱ የሚታደሰው የኢንሹራንስ ክፍያ፣ የመያዣ ማስመዝገቢያው ሁሉ ከ8,347 ብሩ ውጪ ነው።

ውሉ ጀርባ ላይ በእርሳስ አራት ጥያቄ ጻፍንላት። ዘመኑን 15 ዓመት ማድረግ ይቻላል ወይ? ትርፍ ገንዘብ ባገኝ ቀድሜ ብከፍል ቅጣት አለው ወይ? መጣኔው ሲለወጥ ከስንት ቀን በፊት ይነገረኛል? አራተኛውን ራሷ ናት ያስጻፈችን፦ ባንኩ ራሱ ቢዘጋ፣ እናንተ በዘጋችሁበት ወር ወለድ ይቆጠርብኛል ወይ?

ሰኞ ፈቃድ ጠይቃ ባንክ ሄደች። ለሦስቱ መልስ አገኘች፦ 15 ዓመት ይቻላል፣ ቀድሞ መክፈልም ይቻላል፣ መጣኔው ሲለወጥ በደብዳቤ ይነገራል። አራተኛውን የብድር ክፍሉ ልጅ ሁለት ጊዜ አነበበው። በዕድሜ ከእኛ ብዙም አይበልጥም አለችን፣ የመቐለ ልጅ ነው። "እኅቴ፣ ይኸን እኔም ለራሴ ብድር ብጠይቅ ደስ ይለኝ ነበር" ብሎ ለኃላፊው ወሰደው። ኃላፊው ለዋናው መሥሪያ ቤት ጽፈን እናሳውቅሻለን አሉ።

ይህን እስከጻፍንበት ቀን መልስ አልመጣም። ውሉ በላስቲኩ ውስጥ ነው፣ አልተፈረመም። የትምህርት ዕቅዱን ግን አስረክበናል፤ ከ20 ነጥብ 17 አግኝተንበታል። ሦስቱ የተቀነሰው ምሳሌው ለሰባተኛ ክፍል ይከብዳል ተብሎ ነው።